ሞክሼዬ

«ስምዎ ላይ ስህተት አለ» አለችኝ ከመስታወቱ ጀርባ የተቀመጠችው ሴት።

ሴፕቴምበር 2022 መጀመሪያ ላይ ነው (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)፣ የዜግነት ወረቀቴን ልጨርስ ብዬ ቪየና ውስጥ አንድ ቢሮ ሄጄ። ፓስፖርቴን ወደኔ አዞረችና በእስክሪብቶዋ ጫፍ ስሜን እየነካች አሳየችኝ፣ ከ«ኤል» ቀጥላ መምጣት የነበረባት «አይ» የለችም፣ መጨረሻ ላይ ደግሞ «ኤች» የለችም። ኤልዛቤት እዚህ አገር እንደዚህ አይጻፍም አለችኝ። ክፋት አልነበረባትም፣ እንዲያውም ልትረዳኝ ነው የፈለገችው፣ አንድ ገጽ ፎርም ፕሪንት አድርጋ ሰጠችኝና ይሄን ሞልተው ቢያመጡ ከዚህ በኋላ ወረቀትዎ ሁሉ አንድ ዓይነት ይሆናል፣ ባንክም ሐኪም ቤትም አይቸገሩም አለችኝ። አመስግኛት ወጣሁ።

ትራም ውስጥ ግን ያቺ «ስህተት» የምትለው ቃል ከጆሮዬ አልወጣ አለች። ፊደል ጎድሏል ብትለኝ ምንም አይመስለኝም ነበር። ስህተት ስትለኝ ግን ስሙን ያወጣልኝ አባቴ የተሳሳተ መሰለኝ፣ እማዬ ከጓሮ ሆና ስትጣራ የኖረችው የተሳሳተ ስም መሰለኝ፣ እኔም ሠላሳ ምናምን ዓመት ሙሉ አቤት ስል የኖርኩት ለስህተት መሰለኝ። እንዲያም ሆኖ ማታ ቤት ገብቼ ፎርሙን ሞላሁት። ደክሞኝ ነበር፣ ስሜን በየመስኮቱ ፊደል በፊደል እየቆጠርኩ ማስረዳት ሰልችቶኝ ነበር። «የቀድሞ ስም» የሚለው ቦታ ላይ ያለኝን ጻፍኩ፣ «አዲስ ስም» የሚለው ላይ የነሱን ጻፍኩ፣ አጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት። እዛው ቦርሳዬ ውስጥ ሁለት ወር ከረመ።

ለምን እንዳላስገባሁት ስጠየቅ ጊዜ አጣሁ እል ነበር። ጊዜ አላጣሁም።

ስለ ስም የተሟገተችው

ለእማዬ በስልክ ነገርኳት። መጀመሪያ ዝም አለች፣ ከዛ «ስምን መልአክ ያወጣዋል» አለች፣ ይቺን ሁሉም እናት ይላታል፣ ብዙም አልገረመኝም። ቀጥላ ያለችው ነው የያዘኝ። «አንቺ ደግሞ የማን ስም ይዘሽ ነው ዝም ብለሽ ፎርም የምትሞዪ? ኤልሳቤጥ እኮ ራሷ ስለ ስም የተሟገተች ሴት ናት» አለችኝ።

እውነቷን ነው። ሉቃስ ምዕራፍ 1ን ስንሰማ ሁላችንም ልባችን የሚሄደው እመቤታችን ልትጠይቃት ወደ ተራራው አገር ወደ ወጣችበት፣ ፅንሱ በደስታ ወደ ዘለለበት ነው። ስምንተኛው ቀን ላይ የሆነውን ግን እናልፈዋለን። ዘመድ ጎረቤት ተሰብስቦ መጣ፣ ልጁን በአባቱ ስም ዘካርያስ ሊሉት ነው፣ አባትየው አፉ ተይዟል፣ መናገር አይችልም። እናትየው ብቻዋን ተነስታ አይሆንም፣ ዮሐንስ ነው የሚባለው አለች። ከዘመዶችሽ እንዲህ የሚባል የለም እኮ አሏት። አልተመለሰችም። እነሱ ወደ ባልየው ዞረው በምልክት ጠየቁት፣ እሱም የሚጻፍበት ነገር ለምኖ እሷ ያለችውን ጻፈ። እማዬ ይሄን በሁለት ደቂቃ ተርካልኝ ስትጨርስ ወደ በርበሬ ዋጋ ገባች። እኔ ግን ስልኩን ዘግቼ ለረጅም ሰዓት እዛው ቆምኩ።

ከዛ ማንበብ ጀመርኩ። ከሥራ ስመለስ፣ ማታ ማታ፣ ትክክለኛው የትኛው ነው የሚለውን ነገር ልፈልግ።

ጥ

ትክክለኛው የቱ ነው ብሎ የሚነሳ ሰው መጨረሻው ዘጸአት 6 ላይ ነው፣ የአሮን ሚስት ጋ። በዕብራይስጡ «ኤሊሼባ» ናት፣ በነሱ አነጋገር ኤሊሼቫ። ኤሊ አምላኬ ማለት ነው፣ ሼባ ደግሞ መሐላንም ሰባትንም የሚነካ ሥር ነው፣ ስለዚህ «አምላኬ መሐላ ነው» እንደ ማለት ተደርጎ ይፈታል። ሰባት! የኛው ሰባት ናት፣ የእህት ቋንቋ ነገር። አብርሃም በጉድጓዱ ጉዳይ ከአቢሜሌክ ጋር ሲማማል ሰባት ቄቦች ለይቶ ያቆመበት ቦታ ቤርሳቤህ የተባለው በዚሁ ቃል ነው፣ የመሐላም የሰባትም ጉድጓድ። ስሜ ውስጥ ያለችው «ሳቤ» ያቺ ናት ማለት ነው። ይሄን ሳውቅ ስንት ዓመት የኖርኩበት ቤት ውስጥ ያልከፈትኩት ክፍል ያገኘሁ ያህል ነው የተሰማኝ።

ልብ በሉ ግን፣ ኤሊሼባ ላይ መጨረሻ «ት» የለም። የመጣው በግሪክ በኩል ነው። ግሪኮች «ሸ» የምትባል ድምፅ ስለሌላቸው «ሰ» አደረጓት፣ ከኋላዋ ደግሞ ት ጨመሩባት። የሉቃስ ወንጌል ላይ ያለችዋ ያቺ ናት። ወደ ግዕዝ የተረጎሙት አባቶቻችን ደግሞ ጆሯቸው እንዴት እንደነበር ተመልከቱ፣ ግሪክ ሁለት ዓይነት ት አለው፣ አንደኛውን ባብዛኛው በጠ ነው የጻፉት፣ ሁለተኛውን በተ። ጴጥሮስ በጠ ነው፣ ማቴዎስ በተ ነው። ጢሞቴዎስ ላይማ ሁለቱም አሉ፣ ጢ ብለው ጀምረው ቴ ይላሉ፣ ዝም ብሎ የመጣ አይደለም፣ ግሪኩ ላይ ሁለቱ ፊደላት የተለያዩ ስለሆኑ ነው። ስለዚህ የኤልሳቤጥ «ጥ» አንድ ሰው ከአንድ ሺህ ምናምን ዓመት በፊት ግሪኩን ከፊቱ ዘርግቶ ፊደሏን ለይቶ አይቶ የጻፋት ጥ ናት።

ጀርመንኛው ላይ ያለችው «ኤች»ስ? እነሱ ራሳቸው አይጠሯትም። በጽሑፍ ትኖራለች፣ በአፍ «ኤልዛቤት» ብቻ ናት። እኔ ጎደለሽ የተባልኩት ማንም የማይጠራውን ፊደል ነው።

ንግሥቲቱ የሞተች ቀን

ሴፕቴምበር 8 ከሰዓት በኋላ ሺፍት ላይ ነበርኩ። የምሠራው የአረጋውያን መኖሪያ ውስጥ ነው፣ የኛ ፎቅ ሠራተኞች ከየአገሩ የመጣን ነን። ማታ ወደ መጨረሻው ላይ የሁሉም ስልክ ባንዴ ጮኸ፣ የእንግሊዟ ንግሥት አረፈች። ቡና ክፍል ተሰብስበን ሁሉም በየቋንቋው ዜናውን ሲያነብ ሰማሁ። ፖላንዷ ልጅ «ኤልዥቢዬታ» አለች፣ ስሎቫኳ «አልዥቤታ»፣ ሰርቢያዊው «ኤሊዛቤታ»፣ ከኮሎምቢያ የመጣችዋ ደግሞ «ኢሳቤል» አለች፣ እኔ መጀመሪያ ስለ ሌላ ሰው የምታወራ መስሎኝ ነበር። የኔ ስልክ ላይ «ንግሥት ኤልሳቤጥ» ይላል፣ በ1965 ጃንሆይን ልትጎበኝ አዲስ አበባ ስትመጣም የኛ ሰው የተቀበላት በዚሁ ስም ነው።

አንዲት ሴት ናት። በአምስት ስም ሞተች። ማንም ደግሞ ስሟ ላይ ስህተት አለ አላለም። እዛ ቡና ክፍል ቆሜ ያሰብኩት ይሄን ነው፣ ለንግሥት ሲሆን ስሟን ወደ ቤታችን ማስገባት ክብር ነው፣ ለኔ ሲሆን ግን የጎደለ ፊደል ነው። ቤተሰቦቿ ደግሞ «ሊሊቤት» ነበር የሚሏት፣ ልጅ ሆና የራሷን ስም አስተካክላ መጥራት አቅቷት ያለችውን ነው ይዘው የቀሩት። የገዛ ስሟን ተኮላትፋ የፈጠረችው ስም ዘጠና ምናምን ዓመት ኖረ፣ በ2021 ለተወለደች የልጅ ልጅ ልጇም ተሰጠ።

የኢሳቤልን ነገር ሳላጣራ ማደር አልቻልኩም። እሱም ኤልሳቤጥ ነው። በፕሮቫንስ (በደቡብ ፈረንሳይ) እና በስፔን በኩል ሲያልፍ ከፊት ያለችው «ኤል» ወደቀች፣ ብዙዎች እንደሚሉት ስፔኖች በቋንቋቸው ከስም ፊት የምትገባዋ «ኤል» ስለመሰለቻቸው ነው፣ ከኋላ ያለችው «ቤት» ደግሞ «ቤል» ሆነች። ኮሎምቦስን የላከችው የካስቲል ንግሥት ኢሳቤል ናት፣ እኛ ኢዛቤላ የምንላት፣ የለንደኗም ለስፔኖች ዳግማዊት ኢሳቤል ናት። ሞክሼ ናቸው።

ሳስበው ቋንቋዎቹ ይቺን ስም እንደ ቅርጫ ነው የተከፋፈሏት። ረጅም ስም ናት፣ ማንም ሙሉዋን ቤት ውስጥ አይጠራትም፣ ሁሉም የሚጣፍጠውን ብልት ወሰደ። አንዳንዱ ከፊት ወሰደ፣ ጀርመን ኤልሳና ኤልዘ አለ፣ ሆላንድ ኤልስ፣ ፖላንድ ኤላ፣ ስኮትላንድ ኤልስፔትና ኤልሲ። ሌላው መሐሏን ወሰደ፣ ሩሲያና ጣልያን ሊዛ፣ ስዊድን ሊሳ፣ ኦስትሪያ ሊሲና ሊስል። ከኋላ የደረሰው ደግሞ ጅራቷን፣ እንግሊዝ ቤቲ፣ ቤስ፣ ቤትሲ፣ ጣልያን ቤታ። ቼክ ደግሞ ኤሊሽካ ብሎ ቆርጦ ቆላመጠና ቆይቶ ራሱን የቻለ ሙሉ ስም አደረገው። የእንግሊዝ ልጆች የድሮ እንቆቅልሽ አላቸው፣ ኤልዛቤትና ኤልስፔት ቤትሲና ቤስ አብረው የወፍ ጎጆ ፍለጋ ሄዱ፣ አምስት እንቁላል አገኙ፣ እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ወሰዱ፣ አራት ቀረ። ምን አውቅልህ? አራቱም አንዲት ልጅ ናቸው።

እኛም ከዚሁ ቅርጫ ደርሶናል። ሰፈር ውስጥ ኤልሲ ነበርኩ። ትምህርት ቤት ቤቲ ልሁን ብዬ ነበር፣ ግን ክፍላችን ውስጥ ሁለት ቤተልሔሞች ቀድመውኝ ይዘውታል፣ እኛ አገር ቤቲ መጀመሪያ የቤተልሔም ነው። አያቴ ደስ ሲላት «አንተ» ነበር የምትለኝ፣ «ና እስቲ ወዲህ አንተ»፣ ሴት ልጅን በወንድ፣ ወንዱን በሴት እየጠሩ ማቆላመጥ እንዴት እንደሚጣፍጥ ለፈረንጅ ማስረዳት ከብዶኛል። እማዬ ደግሞ ኤልሳዬ ነው የምትለኝ፣ እስከ ዛሬ።

ኖቬምበር 19

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ።

እኛ ፎቅ ላይ አንዲት የሀንጋሪ ሴትዮ አሉ። ያኔ ሰማንያ ሦስት ዓመታቸው ነበር፣ አእምሯቸው ጥርት ያለ፣ እግራቸው ግን እምቢ ያላቸው። በራቸው ላይ «ኤልዛቤት» ይላል፣ እኔም ከአባወራቸው ስም ጋር «ፍራው»፣ ወይዘሮ ማለት ነው፣ እያልኩ ነው ስጠራቸው የኖርኩት፣ እሳቸውም እኔን በአባቴ ስም «ፍራው» ይሉኛል። ሁለት ዓመት ሙሉ ሞክሼ ስለመሆናችን ተነጋግረን አናውቅም።

ቅዳሜ ነበር። ከሰዓት በኋላ መድኃኒታቸውን ይዤ ስገባ ጠረጴዛው ላይ ሁለት የቡና ስኒ አስቀምጠዋል፣ ጥሩ ቀሚሳቸውን ለብሰዋል። እንግዳ ይጠብቃሉ? አልኳቸው። «ዛሬ የስሜ ቀን ነው፣ ማንም አይመጣም፣ ግን ስኒ ይቀርባል» አሉኝ። ሀንጋሪዎች ለእያንዳንዱ ስም የተቆረጠ ቀን አላቸው፣ እንደ ልደት ይከበራል፣ ጎረቤት ሳይጠራ ይመጣል፣ አበባ ይመጣል። ኖቬምበር 19 የ«ኤርዤቤት» ቀን ነው።

ኤርዤቤት ማናት? አልኩ።

«እኔ ነኛ።»

ኤልዛቤት አይደሉም እንዴ?

«እሱን የጻፈው ሌላ ሰው ነው» አሉ።

እኔም ኤልሳቤጥ ነኝ አልኳቸው። አዩኝ። ደረቴ ላይ ያለው ባጅ የአባቴን ስም ነው የያዘው። «ታዲያ ቀኑ ያንቺም ነው፣ ተቀመጪ» አሉኝ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በአንቺ። የሺፍት ሰዓት ነው፣ አይፈቀድም፣ ተቀመጥኩ።

የነገሩኝን በራሴ አፍ ልናገረው። በ1956 ሀንጋሪ ውስጥ በኮሙኒስቱ መንግሥት ላይ የተነሳው አመፅ በሶቪየት ጦር ከተደፈጠጠ በኋላ ወደ ሁለት መቶ ሺህ የሚጠጋ ሰው ከሀንጋሪ ወጥቷል፣ አብዛኛው ወደ ኦስትሪያ። ከዛ ውስጥ ሰባ ሺህ የሚሆነው ያለፈው በአንዲት የእንጨት ድልድይ ነው፣ አንዳው የሚባል መንደር አጠገብ፣ ቦይ ላይ የተሠራች ትንሽዬ የገበሬ ድልድይ። ኖቬምበር 21 ላይ የሶቪየት ወታደሮች አፈነዷት። እሳቸው የተሻገሩት ከሁለት ቀን በፊት ነው፣ ሌሊት፣ ከታላቅ ወንድማቸው ጋር። ዕድሜያቸው 17። ስለዚህ አገራቸውን የለቀቁት በስማቸው ቀን ነው። እናታቸው ለበዓሉ የጋገሩትን ኬክ በጨርቅ ጠቅልለው ሰጧቸው፣ እስከ መንደሩ ጫፍ ሸኟቸው፣ ከዛ ወዲያ ውሻ ይጮሃል ተብሎ ቀሩ። የመጨረሻ የተናገሯት አንዲት ቃል ናት። «ቦዢኬም።»

እናታቸው በ1961 ሞቱ። አልተያዩም።

ካምፕ ሲደርሱ የሚመዘግበው ሰው ስማቸውን ጠየቀ፣ ኤርዤቤት አሉ፣ ሰውየው ኤልዛቤት ብሎ ጻፈ። ሰውየው የጻፈው ያው ስማቸውን ነው፣ እሳቸውም ደክሟቸው ነበር፣ ኬኩ ጨርቁ ውስጥ ተሰባብሯል፣ ወንድማቸው እግሩ ቆስሏል፣ በዛን ሰዓት ስለ ፊደል ማን ይከራከራል።

ከዛ ስኒያቸውን አስቀምጠው ጠየቁኝ፣ «እናትሽ ምን ይሉሻል?»

ኤልሳዬ አልኳቸው።

«ኤልሳ ገባኝ። ዬ ምንድናት?»

ምን ብዬ ልመልስ። ይሄን ሰው ጠይቆኝ አያውቅም፣ እኔም ራሴን ጠይቄ አላውቅም። ትንሽ አሰብኩና «የኔ» ማለት ናት አልኩ፣ ኤልሳ የኔ። አይናቸው እንባ አቀረረ። እጄን ያዙና «እኛ ጋ ም ናት» አሉኝ። ቦዢ የኤርዤቤት ማቆላመጫ ነው፣ «ኬ» ስትጨመር ትንሿ ቦዢ ይሆናል፣ መጨረሻ ላይ ያለችው «ም» ደግሞ የኔ ማለት ናት። ቦዢኬም፣ ትንሿ የኔ ቦዢ።

እስካሁን ድረስ የማስበው ይሄን ነው። ያነበብኳቸው ቋንቋዎች ባብዛኛው ስም ሲያቆላምጡ ያሳንሱታል፣ ጀርመኑ ሊስሸን ይላል፣ ኦስትሪያው ሊስል፣ ሆላንዱ «ቤትዬ» ይላል፣ ድምፁ የኛን ዬ ቁጭ ነው ግን ትንሿ ማለት ነው እንጂ የኔ ማለት አይደለም። እኛ አናሳንስም፣ የራሳችን እናደርጋለን። ሀንጋሪዎቹ ሁለቱንም ያደርጋሉ። አንዲት የሀንጋሪ ገበሬና የኔ እናት፣ ተያይተው የማያውቁ፣ አንዷ በም አንዷ በዬ፣ ልጃቸው ስትሄድባቸው ስሟ ጫፍ ላይ ያንኑ ነገር ነው የቋጠሩባት።

ፎርሙ

«ወረቀት አምጪ፣ ሁሉንም ልጻፍልሽ» አሉኝ። መሳቢያቸው ውስጥ እስክሪብቶ አለ፣ ወረቀት የለም። የሥራ ልብሴ ኪስ ውስጥ እጄን ስከት ያገኘሁት ያንን የታጠፈ ፎርም ነው፣ ከቦርሳዬ አውጥቼው የነበረው በዛው ሳምንት ላስገባው ወስኜ ስለነበር ነው። ጀርባው ባዶ ነው። ሰጠኋቸው።

በሚንቀጠቀጥ እጅ ጻፉ፣ አንዱን ከአንዱ በታች። ኤርዤቤት። ኤርዢ። ኤርዢኬ። ቦዢ። ቦሽኬ። ዦካ። እየጻፉ እያነበቡልኝ እኔ እከተላለሁ። «ዠ» አላስቸገረችኝም፣ ፊደላችን ላይ አለች አይደል፣ መንዝ ያሉ የእማዬ ዘመዶች ጅብን ዥብ ነው የሚሉት። ያስቸገረችኝ የቦዢ አናባቢ ናት፣ በ ለማለት እያሰብሽ ከንፈርሽን ለፉጨት እንደምታሞጠሙጪ አድርጊው አሉኝ።

ሲጨርሱ ወረቀቱን ገለበጡት። ፊት ለፊቱን አነበቡ። የቀድሞ ስም፣ አዲስ ስም። አንድም ነገር ሳይሉ ቆዩና መነጽራቸውን አወለቁ።

«እኔን የጠየቀኝ ሰው የለም» አሉ። «አንቺን ጠይቀውሻል።»

በቃ ይሄን ብቻ ነው ያሉት። ተዪው አላሉም፣ አድርጊው አላሉም። እኔ ግን ሁለት ወር ሙሉ እንደ ፍርድ የተሸከምኩት ወረቀት ጥያቄ እንደነበረ ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ፎርሙ ላይ መልስ የሚጻፍበት ክፍት ቦታ አለው፣ እኔ ቦታውን ያየሁት እንደ ትእዛዝ ነው።

ስም የቀየረ ሰው ላይ ለመፍረድ አይደለም ይሄን የምጽፈው፣ እባካችሁ እንደዛ እንዳይነበብብኝ። እኔው ቀን ከሌሊት አብሬያቸው ከምሠራቸው ውስጥ ለሥራ ማመልከቻ ብለው ያሳጠሩ አሉ፣ ልጆቻቸውን ከወዲሁ ለሁለቱም አገር የሚሆን ስም ያወጡ አሉ፣ ልክ ናቸው። ሴትዮዋም ቢሆኑ ኤልዛቤትን አይጠሉትም። ባለቤታቸው ኦስትሪያዊ ነበሩ፣ ሊሲ ነበር የሚሏቸው፣ አርባ ዓመት። «ሊሲን ጣይ ብትዪኝ አልጥልም፣ የሱ ናት» አሉኝ። ስለዚህ አንዱ እውነተኛ ሌላው ውሸት አይደለም። የእናት ስም አለ፣ የባል ስም አለ፣ የመዝጋቢው ስም አለ። የሚያሳዝነው የመጀመሪያውን የሚጠራ ሰው ሲያልቅ ነው። ወንድማቸው ከሞተ በኋላ ቦዢ የሚላቸው ሰው የለም።

ከቪየና ሳንወጣ እንኳ ይሄ ስም ስንት ስደት እንዳየ ተመልከቱ። እዚህ ከተማ መሀል ቸኮላቱም ኩባያውም ላይ ፎቶዋ ያለችው የኦስትሪያዋ እቴጌ ሲሲ፣ በ1898 ጄኔቭ ላይ የተገደለችው፣ ሙሉ ስሟ ኤልዛቤት ነው፣ ባቫሪያዊት ናት። ሀንጋሪዎች ግን ቋንቋቸውን ስለተማረችላቸው ኤርዤቤት ብለው የራሳቸው አደረጓት፣ ቡዳፔስት ላይ በ1903 የተከፈተው ድልድይ በስሟ ነው። የቀኑ ባለቤት የሆነችዋ ቅድስት ደግሞ በግልባጩ፣ በ1207 የተወለደች የሀንጋሪ ንጉሥ ልጅ፣ ገና በአራት ዓመቷ ለጀርመን መስፍን ልጅ ታጭታ ተላከች፣ ኤርዤቤት ሄዳ ኤልዛቤት ሆነች፣ ባሏ ሲሞት ማርቡርግ ላይ ለድሆች ሆስፒታል አቆመች፣ በ24 ዓመቷ አረፈች። ለድሆች ዳቦ በካባዋ ደብቃ ስትሄድ ተይዛ ካባዋ ሲገለጥ ጽጌረዳ ሆኖ ተገኘ ይላሉ። ከእሷ በኋላ የእህቷ የልጅ ልጅ በስሟ ተጠርታ የፖርቱጋል ንግሥት ሆነች፣ እዛ ኢሳቤል ናት፣ እዛም ጽጌረዳው ይተረካል። ታሪኩም ከስሙ ጋር ነው የተጓዘው። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል የሚባለው ስለ ሥራ ነው፣ አውቃለሁ፣ ግን እንደ ቃሉም እውነት ነው።

ፎርሙን አላስገባሁትም። ሌላ ፕሪንት አድርጎ መሙላት ይቻል ነበር። የዜግነት ወረቀቴ ላይ ያለ «አይ» ያለ «ኤች» ነው የተጻፍኩት፣ በየመስኮቱም ፊደል በፊደል ማስረዳቴን ቀጥያለሁ።

እማዬ ይሄን ሁሉ ከነገርኳት በኋላ በየሳምንቱ «ያቺ ሞክሼሽ እንዴት ናት?» ትለኛለች። አንድ እሁድ ደግሞ ልጸልይላት ስሟን በደንብ ንገሪኝ አለችኝ። ኤልሳቤጥ በያት አልኳት፣ ያው ነው። «ቤቷስ ማን ነበር የሚሏት?» ቦዢ። ሁለት ሦስቴ ሞከረችው፣ አናባቢዋ እምቢ አላት፣ ከዛ በራሷ ጊዜ «ቦዥዬን ሰላም በይልኝ» አለች።

ሰኞ ጠዋት ገብቼ እናቴ ሰላም ብላዎታለች አልኳቸው፣ እንዴት ብላ እንደጠራቻቸውም ነገርኳቸው። ወረቀቱን ከመሳቢያ አወጡ፣ እሳቸው ጋ ነው የሚቀመጠው። ከዝርዝሩ በታች በጣታቸው ባዶ ቦታ አሳዩኝና ያችን ፊደል በናንተ ጽሑፍ ጻፊልኝ አሉ። እስክሪብቶውን ተቀብዬ ዬ ብዬ ጻፍኩ። አጠገቧ እሳቸው ም ጨመሩ።